አመዱ የት ሄደ?

ታኅሣሥ 13 ቀን 2001 ዓ.ም.፣ እሑድ ለሰኞ አጥቢያ፣ ከሌሊቱ 7 ሰዓት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው፣ በአሜሪካ ቴነሲ ግዛት፣ ኪንግስተን ከተማ አጠገብ አንድ የአመድ ተራራ ተናደ። ቀልድ አይደለም፣ እውነተኛ የአመድ ተራራ ነው። ከአንድ የድንጋይ ከሰል ኃይል ማመንጫ ከሃምሳ ዓመት በላይ ሲወጣና በውኃ እየተበጠበጠ ሲከማች የኖረ አመድ ክትሩን ጥሶ የኤሞሪ ወንዝ ውስጥ ገባ። መንገድና የባቡር ሐዲድ ቀበረ፤ አንድ መኖሪያ ቤትም ከመሠረቱ ነቅሎ ገፋ። በዚያች ሌሊት ሰው አልሞተም።

የፈሰሰው 4.1 ሚሊዮን ሜትር ኩብ ያህል ነው። የማመንጫው ባለቤት መጀመሪያ የገመተው የዚህን አንድ ሦስተኛ እንኳ አይሞላም ነበር። እስቲ በእኛ መለኪያ እናስበው፦ አንድ ሲኖትራክ 16 ሜትር ኩብ ይጭናል ብንል ከ250 ሺህ ምልልስ በላይ ይፈልጋል። ይህ ሁሉ 120 ሄክታር ገደማ መሬትና ውኃ ላይ ተዘረገፈ።

የምህንድስና ሰው ስለሆንኩ ታሪኩን ሳነብ መጀመሪያ የጠየቅኩት «ክትሩ ለምን ተናደ?» ብዬ ነው። ቆይቶ ግን ሌላ ጥያቄ ያዘኝ፦ ያ ሁሉ አመድ እዚያ ምን ይሠራ ነበር? መልሱ አመዱ በየጊዜው አድራሻ ሲቀይር የኖረበት የመቶ ዓመት ታሪክ ነው። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከሰማይ ወደ ውኃ

ድንጋይ ከሰል ሙሉ በሙሉ አይነድም። ውስጡ ሸክላና ሌሎች የማይቃጠሉ ማዕድናት አሉ፤ እንደ ከሰሉ ዓይነት ከመቶ አሥር እጁ ወይም ከዚያ በላይ አመድ ሆኖ ይቀራል። ዘመናዊ ማመንጫ ከሰሉን እንደ ዱቄት ፈጭቶ ነው ወደ እሳቱ የሚነፋው። ከባዱ አመድ ወደ ታች ይወርዳል፤ ቀላሉ ከጭሱ ጋር ይወጣል። ይህኛው «በራሪ አመድ» ይባላል። «አመድ በዱቄት ይስቃል» የሚል ተረት አለን፤ ይህ አመድ ግን ራሱ ዱቄት ነው፤ በማይክሮስኮፕ ሲታይ በአብዛኛው ጥቃቅን የመስታወት ኳሶች ናቸው። ከሰሉ ውስጥ በጥቂቱ የነበሩት አርሴኒክ፣ ሴሊኒየምና እርሳስ የመሳሰሉ ንጥረ ነገሮችም ካርቦኑ ነዶ ሲያልቅ አመዱ ውስጥ ተጠራቅመው ይቀራሉ።

ድሮ መፍትሔው ቀላል ነበር፦ በጭስ ማውጫው ይለቀቃል፣ በቃ። አመዱ የከተማው ሰው ጣሪያና ሳንባ ላይ ያርፋል። በ1907 አካባቢ ፍሬድሪክ ኮትሬል የተባለ የካሊፎርኒያ ኬሚስት ጭስን በከፍተኛ ቮልቴጅ የማጣራት ዘዴ አመጣ፤ ብናኙ በኤሌክትሪክ ቻርጅ ይደረግና ተቃራኒ ቻርጅ ያለው ሳህን ላይ ይለጠፋል። በ1920ዎቹ ዘዴው ኃይል ማመንጫዎች ውስጥ ገባ። የ1970ው የአሜሪካ የንጹሕ አየር ሕግ ደግሞ ብናኝን መቆጣጠርን ግዴታ አደረገው። አየሩ በእርግጥም ጸዳ። ይህ ትልቅ ድል ነው፤ ላጣጥለው አልፈልግም።

ታዲያ የተያዘው አመድ የት ይግባ? በተለይ አሜሪካ ውስጥ ብዙ ማመንጫዎች የመረጡት ርካሹን መንገድ ነው፦ አመዱን በውኃ በጥብጦ በቧንቧ ወደ ገንዳ መላክ። አመዱ ይዘቅጣል፣ ከላይ የሚቀረው ውኃ ወደ ወንዝ ይለቀቃል። ማመንጫ ለማቀዝቀዣ ውኃ ስለሚፈልግ ወንዝ ዳር ነው የሚሠራው፤ ስለዚህ ገንዳውም ወንዝ ዳር ሆነ። ከአየር ያዳንነውን ነገር ከውኃ ጎን አስቀመጥነው ማለት ነው።

ገንዳው ተራራ ሲሆን

የኪንግስተን ማመንጫ የቴነሲ ሸለቆ ባለሥልጣን ንብረት ነው። ባለሥልጣኑ በ1933 በፕሬዚዳንት ሩዝቬልት ዘመን የተቋቋመ የመንግሥት ድርጅት ነው። ማመንጫው ከ1951 እስከ 1955 የተሠራው በአቅራቢያው ላለው የኦክ ሪጅ የኑክሌር ተቋም ኃይል እንዲሰጥ ሲሆን፣ ሲጠናቀቅ በዓለም ትልቁ የድንጋይ ከሰል ማመንጫ ነበር። በሙሉ አቅሙ ሲሠራ በቀን ወደ 14,000 ቶን ከሰል ያነዳል። ከመቶ አሥር እጁ አመድ ቢሆን 1,400 ቶን ነው፤ በየቀኑ።

ገንዳ በዚህ ፍጥነት ይሞላል። ሲሞላ ክትሩን ከፍ ማድረግ ነው። ችግሩ ግን አዲሱ ክትር የቆመው በጠንካራ መሬት ላይ ሳይሆን ቀደም ሲል በፈሰሰው እርጥብ አመድ ላይ መሆኑ ነበር። በመጨረሻ ክምሩ ከወንዙ በላይ 18 ሜትር ገደማ ደረሰ። በ2003 እና በ2006 ከክትሩ ጎን ውኃ ሰርጎ ወጣ፤ ማንጠፈፊያ ተሠራለትና መሙላቱ ቀጠለ።

ወንዝ ዳር እርጥብ አሸዋ ላይ ቆማችሁ በእግራችሁ ደጋግማችሁ መታ መታ አድርጉት። ጠጣር የነበረው አሸዋ እንደ ሾርባ ይላላል። በደቃቆቹ ቅንጣቶች መካከል ያለው ውኃ መውጫ ሲያጣ ጫናውን ራሱ ይሸከማል፤ ቅንጣቶቹ መደጋገፋቸውን ያጣሉ፤ ጠጣሩም እንደ ፈሳሽ ይሄዳል። ከአደጋው በኋላ የተደረገው የምህንድስና ምርመራ ያገኘው ይህንኑ ነው፦ ውኃ የጠገበ ልል አመድ፣ እየጨመረ የሄደ ከፍታ፣ በእርጥብ አመድ ላይ የተሠራ ክትር፣ ከሁሉም ሥር ደግሞ እንደ ቅባት የሚያንሸራትት ቀጭን የዝቃጭ ንጣፍ። አንዱም በአንድ ሌሊት የመጣ አይደለም።

«እስኪጠና ድረስ»

ሕጉስ የት ነበር? በ1976 አሜሪካ አደገኛ ቆሻሻን ከመነሻው እስከ መቀበሪያው የሚከታተል ሕግ አወጣች። በ1980 ግን የአላባማው የምክር ቤት አባል ቶም ቤቪል ስም የተሰጠው ማሻሻያ የከሰል አመድን ጥናት እስኪደረግበት ድረስ ከአደገኛ ቆሻሻ ደንብ ውጭ አደረገው። «እስኪጠና ድረስ» ሃያ ዓመት ፈጀ። በ2000 የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤቱ አመዱን እንደ አደገኛ ቆሻሻ እንደማይቆጣጠር ወሰነ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። ለቤት ቆሻሻ መቀበሪያዎች ከ1991 ጀምሮ ከሥር የሚነጠፍ መከላከያን የሚጠይቅ የፌዴራል ደንብ ነበር። ለከሰል አመድ ገንዳ ግን አልነበረም። የሙዝ ልጣጭ የሚጣልበት ጉድጓድ አርሴኒክ ካለበት ገንዳ የበለጠ ጥብቅ ደንብ ነበረው ማለት ነው።

ባቡሩ ወደ አላባማ

ጽዳቱ እስከ 2015 የቆየ ሲሆን ከ1 ቢሊዮን ዶላር በላይ ወጣበት። ከወንዙ የተቆፈረው አመድ በባቡር ተጭኖ ሄደ። ወዴት? በአላባማ ግዛት ፔሪ አውራጃ፣ ዩኒየንታውን ከተማ አጠገብ ወዳለ መቀበሪያ። በ2009 እና በ2010 ወደ 4 ሚሊዮን ቶን ገደማ እዚያ ገባ። የፔሪ አውራጃ ነዋሪዎች አብዛኞቹ ጥቁሮች ናቸው፤ በግዛቱ ካሉት ድሃ አውራጃዎችም አንዱ ነው። መቀበሪያው ከሥሩ የተነጠፈለትና ፈቃድ ያለው ነበር፤ ስለዚህ በምህንድስና ዓይን ከኪንግስተን ገንዳ ይሻላል። ነዋሪዎቹ ግን ሽታውንና አቧራውን ተቃወሙ፣ በ2013ም የዘር መድልዎ ነው ብለው ለአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤቱ አቤት አሉ። አቤቱታቸው በ2018 ውድቅ ሆነ።

አመዱን የዛቁት ሠራተኞችም አሉ። ደግ ሠርቶ ምስጋና ያጣ ሰው በአማርኛ «እጄ አመድ አፋሽ ነው» ይላል። ኪንግስተን ላይ አባባሉ ቃል በቃል ሆነ። ብዙ ሠራተኞች ታመሙ፤ የሞቱም አሉ። ሠራተኞቹና ቤተሰቦቻቸው በ2013 የጽዳቱን ተቋራጭ ከሰሱ፤ አመዱ ጉዳት የለውም ተብለናል፣ የአቧራ መከላከያ ጭምብልም ተከልክለናል አሉ። ተቋራጩ ክሱን አልተቀበለም። በ2018 የፌዴራል ፍርድ ቤት ዳኞች ጉባኤ ተቋራጩ ተገቢውን ጥንቃቄ እንዳላደረገና ይህም የተዘረዘሩትን በሽታዎች ሊያስከትል እንደሚችል ወሰነ። ጉዳዩ በስምምነት የተዘጋው በ2023 ነው፤ ክሱ ከቀረበ ከአሥር ዓመት በኋላ።

ሌላ መንገድ ነበር

የሚያንገበግበኝ ነገር አመዱ ዋጋ ያለው መሆኑ በጣም ቀደም ብሎ መታወቁ ነው። በ1937 ሬይመንድ ዴቪስና ባልደረቦቹ በራሪ አመድ ኮንክሪት ውስጥ ሲገባ ምን እንደሚሆን አሳተሙ። ከ1948 እስከ 1953 በሞንታና የተሠራው የሃንግሪ ሆርስ ግድብ ኮንክሪት ከ100 ሺህ ቶን በላይ በራሪ አመድ ገብቶበታል። ልብ በሉ፣ ኪንግስተን ገና እየተገነባ ነበር! አሠራሩ ለእኛም እንግዳ አይደለም። ፒፒሲ የምንለው ሲሚንቶ ውስጥ የሚገባው ፑሚስ፣ ማለትም ቀላሉ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ፣ የሚሠራው ተመሳሳይ ሥራ ነው፦ ሲሚንቶው ውኃ ሲነካው ከሚወጣው ኖራ ጋር ተዋሕዶ ይጠነክራል። ኮንክሪት ውስጥ የታሰረ አመድ ደግሞ ወንዝ ውስጥ አይገባም። ግን አመዱን አድርቆ፣ ጥራቱን መርምሮ፣ አጓጉዞ ከመሸጥ በቧንቧ መልቀቅ ይረክሳል። ርካሽ ያደረገው ሒሳቡ ግማሹን ስለማያይ ነው።

በ2014 በሰሜን ካሮላይና ሌላ ገንዳ ሥር የተቀበረ ቧንቧ ተሰብሮ ወደ 39,000 ቶን አመድ ዳን ወንዝ ውስጥ ፈሰሰ። በ2015 የመጀመሪያው የፌዴራል የከሰል አመድ ደንብ ወጣ፤ አዲስ ገንዳ እንዲነጠፍ፣ የከርሰ ምድር ውኃ እንዲመረመር አዘዘ። ዛሬ አሜሪካ ውስጥ በየዓመቱ ከሚወጣው የከሰል አመድ ከግማሽ በላይ ለሲሚንቶና ለሌላ ጥቅም ይውላል። የቆየው ክምር ግን ያው እዚያው ነው።

ተማሪ ሳለሁ የኃይል ማመንጫ ንድፍ ስንስል ከሰል በአንድ በኩል ይገባል፣ ኤሌክትሪክ በሌላ በኩል ይወጣል፣ ከእሳቱ ሥር ደግሞ «አመድ» የሚል ቀስት ነበር። ቀስቱ ወረቀቱ ጠርዝ ላይ ያበቃል። ከጠርዙ በኋላ ምን እንዳለ እኔም አልጠየቅኩም፣ የጠየቀም አላስታውስም። አሁን ንድፍ ስስል ቀስቱን አላቆመውም፤ ጫፉ ላይ የቦታ ስም እጽፍበታለሁ።