ቆዳው የመሰከረው ዘመን

ሰኔ 17 የአቡነ ገሪማ በዓል ነው። ከተስዓቱ ቅዱሳን አንዱ የሆኑት ጻድቅ በአድዋ አቅራቢያ፣ በመደራ የመሠረቱት ገዳም ዛሬም በስማቸው የሚጠሩትን ጥንታዊ ወንጌሎች ይጠብቃል። የገዳሙ ትውፊት አባታችን ወንጌሉን በአንድ ቀን ጽፈው እስኪጨርሱ ፀሐይ ቆማላቸዋለች ይላል።

ብራና ሲሠራ ያየ ሰው ይህ ምን ያህል ተአምር እንደሆነ ይገባዋል። የፍየሉ ቆዳ ለቀናት ውኃ ውስጥ ይነከራል። በእንጨት ማዕቀፍ ላይ ተወጥሮ ስቡ ይፋቃል፣ ጠጉሩ ይላጫል፣ በድንጋይ ይታሻል፣ ይደርቃል። የፋቂው እጅ አንዴ ከከበደ ቆዳው ይቀደዳል። አንድ ወፍራም ወንጌል ደግሞ የብዙ ፍየሎችን ቆዳ ይፈጃል። ቀለም የሚበጠበጠውና ብርዕ የሚቀረጸው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። በገሪማ ወንጌሎች ቆዳ ላይ ወንጌላውያኑ ተሥለዋል፤ የአራቱን ወንጌሎች ተመሳሳይ ክፍሎች የሚያመሳክሩት የአውሳብዮስ ሰንጠረዦችም በዓምዶችና በቅስቶች አጊጠዋል።

ምሁራንን ያከራከረው የወንጌሎቹ ዕድሜ ነው። በ20ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ እንግሊዛዊቷ ቢያትሪስ ፕሌይን ወደ ስፍራው ስትሄድ፣ ሴት ወደ ገዳሙ ስለማትገባ መነኮሳቱ መጻሕፍቱን ወደ ውጭ አውጥተው አሳዩአት። ፈረንሳዊው ምሁር ዡል ለሯ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1968 የአሣሣል ስልታቸውን መርምሮ፣ ትውፊቱ ከሚለው የአቡነ ገሪማ ዘመን ወደ 11ኛው መቶ ዘመን አወረዳቸው። ይህ አስተያየት ለዓመታት ጸና።

በኋላ ፈረንሳዊው ተመራማሪ ዣክ መርሲዬ የብራናውን ቁርጥራጮች በኦክስፎርድ አስመረመረ። የካርቦን ምርመራ የሥዕል ስልትንም ሆነ የፊደል ቅርጽን አያይም፤ የሚቆጥረው እንስሳው ከሞተ ወዲህ ያለፈውን ዘመን ነው። ውጤቱ ከ330 እስከ 650 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ባለው ጊዜ ውስጥ ወደቀ። የተመረመረው ቆዳው እንጂ ቀለሙ አይደለም የሚል ይኖራል። ግን ይህን ያህል የተደከመበትን ብራና አምስት መቶ ዓመት ባዶውን የሚያስቀምጥ ማን ነው? መጻሕፍቱን በአቡነ ገሪማ ዘመን የሚያኖረው የመነኮሳቱ ትውፊትም ከዚህ ውጤት ጋር ይስማማል።

ከዚያ ወዲህ ወንጌሎቹ ተጠግነዋል፤ የተዘበራረቁ ቅጠሎችም ቦታቸውን ይዘዋል።

ዛሬ መጻሕፍትን የሚያበዛልን ማተሚያ ቤት ነው፤ ብራና ፋቂውም እየተመናመነ ነው። ከአሥራ ሦስት መቶ ዓመት የሚበልጥ ዘመን የተሻገረው ግን በእጅ የተፋቀው ቆዳ ነው። በአካባቢያችሁ ሙያውን የሚያውቅ አባት ካለ ልጆቻችሁን ላኩለት፤ ቆዳ መፋቅ ከመጽሐፍ አይለመድም፤ እጅ ከእጅ ነው የሚቀበለው።