«ደረሰ» ስለሚለው ግስና በሕያዋን ውስጥ ስላለው ጊዜ

ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ሆለታ የገባ መንገደኛም፣ በዚያው ከተማ ዳርቻ ለአጨዳ የበቃ ገብስም በአማርኛ የሚነገርላቸው በአንድ ግስ ነው፤ ሁለቱም «ደረሱ» ይባላል። ጠላውም ወጡም ይደርሳል፤ ልጅም ለአቅመ አዳም ወይም ለአቅመ ሔዋን ይደርሳል። ቋንቋው ዕድገትን እንደ ርቀት፣ ሕያው የሆነውንም ነገር ሁሉ እንደ ተጓዥ ይመለከተዋል ማለት ነው። የየአንዳንዱ ተጓዥ መንገድ ስንት ቀን ይፈጃል? በምንስ ይፈጥናል፣ በምንስ ይዘገያል? ይህን የሚመረምረው የሥነ ሕይወት ክፍል በአውሮፓ ስም ያገኘው ዘግይቶ ሲሆን፣ በእኛ ዘንድ ቃሉ ከጥናቱ ቀድሞ የነበረ ይመስለኛል።

እ.ኤ.አ. በ1729 ደ ሜራን የተባለው ፈረንሳዊ፣ በቀን ቅጠሏን የምትዘረጋና በሌሊት የምታጥፍ ተክል ጨለማ ውስጥ ብትዘጋም ልማዷን እንዳልተወች አስታወቀ። ይህን ውስጣዊ ሰዓት ሐልበርግ የተባለው ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1959 ከላቲን ሁለት ቃላት ስም አበጀለት፤ ትርጓሜው «አንድ ቀን ያህል» ነው። አማርኛ ለዚህ «ገደማ» የምትል ቃል ስላለችው «ቀን ገደማ ዑደት» ብንል የላቲኑን አሳብ ሳናጎድል እንይዘዋለን። የሰዓቱን አሠራር ከባሕርይ ወራሽ ቅንጣት ድረስ የተከታተሉ ሦስት አሜሪካውያን እ.ኤ.አ. በ2017 የኖቤል ሽልማት አግኝተዋል። «ወፍ ሲንጫጫ»፣ «ዶሮ ሲጮኽ» እያለ ሌሊቱን ለሚከፍል፣ የቀኑንም ሰዓት ከንጋት ጀምሮ ለሚቈጥር ሕዝብ ጉዳዩ እንግዳ አይደለም።

ለሆለታ ይበልጥ የሚቀርበው ግን የኑግ ነገር ነው። ጋርነርና አላርድ የተባሉት አሜሪካውያን እ.ኤ.አ. በ1920 ባወጡት ጽሑፍ፣ ብዙ ዕፀዋት የአበባ ጊዜያቸውን የሚያውቁት ከቀኑ ርዝመት መሆኑን አስረዱ። ኑግ ቀኑ ሲያጥር ከሚያብቡት ወገን ነው። በሆለታ፣ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 9 ዲግሪ ግድም በሚገኘው ቦታ፣ በረጅሙና በአጭሩ ቀን መካከል ያለው ልዩነት አንድ ሰዓት ያህል ብቻ ነው። የእርሻ ምርምር ተቋም በ1958 ዓ.ም. ከተመሠረተ ወዲህ ከቀደምት ጣቢያዎቹ አንዱ የሆነው ሆለታ የደጋ የቅባት እህሎችን ሲያጠና፣ ገበሬው ኑግን በመልኩ ሳይሆን በጊዜው ለይቶ ሰይሞት ተገኘ። በክረምት መግቢያ ተዘርቶ በታኅሣሥ ገደማ የሚታጨደው «አባት»፣ ፈጥኖ በጥቅምት የሚደርሰው «ቡንኝ»፣ በመስከረም ተዘርቶ ውርጩን የሚችለው «መስኖ» ነው። መዝገበ ቃላት አዘጋጆች እነዚህን እንደ ተራ የዘር ስም ከማለፍ ይልቅ የጊዜ ስያሜዎች መሆናቸውን ቢያመለክቱ መልካም ነበር።

አሁን ወደ ከባዱ ነጥብ እንምጣ። በቀዝቃዛ አገር በመጸው ተዘርቶ፣ የበረዶውን ወራት ታግሦ፣ ካልበረደው በቀር የማያዛላ ስንዴ አለ። ሊሴንኮ ዘሩን አርሶና አቀዝቅዞ ይህን ጥበቃ የማሳጠሩን ዘዴ እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ መጨረሻ በሩስያ ሲያስፋፋ፣ ስሙን ያወጣለት ከገበሬው የዘር ወቅት ቃል ነበር። ጋስነር የተባለው ጀርመናዊ የብርዱን ነገር እ.ኤ.አ. በ1918 ጽፎበት ነበርና ግኝቱ አዲስ አልነበረም፤ አዲሱ ቃሉና ቃሉን ተከትሎ የመጣው ሥልጣን ነው። እ.ኤ.አ. በ1927 ወደ ኢትዮጵያ መጥቶ የስንዴና የገብስ ዘሮቻችንን የሰበሰበው ቫቪሎቭ መጀመሪያ ዘዴውን ደግፎ፣ በኋላ ግን ሊሴንኮን በመቃወሙ እ.ኤ.አ. በ1940 ታስሮ በ1943 በሳራቶቭ እስር ቤት ሞተ።

ለእኛ ሥጋቱ ከትርጉም ላይ ነው። ያን ብርድ ፈላጊ ስንዴ «የክረምት ስንዴ» ብሎ መተርጐም ቀላል ይመስላል። ነገር ግን ክረምት በእኛ የዝናብ ወራት ነው፤ በሆለታ በክረምት የሚዘራውም ብርድ የማይጠብቀው፣ ፈረንጆቹ በጸደይ የሚዘሩት ወገን ነው። ስለዚህ ቃሉ ተቃራኒውን ይናገራል። በዚህ ስም ተማምኖ ዘር ያስመጣ ሰው፣ ማሳው ለምልሞ ሣር ሆኖ ሊቀርበት ይችላል። «የጸደይ ስንዴ» ማለቱም አያዋጣም፤ በባሕረ ሐሳቡ ጸደይ ከመጋቢት 26 የሚጀምር ሲሆን፣ በዛሬው አነጋገር ደግሞ ብዙዎች የመስከረምን ወራት ይሉታል። እኔ «ብርድ ፈላጊ» እና «ብርድ የማይሻ» ቢባል፣ ድርጊቱንም «በብርድ ማብቃት» ቢሉት እመርጣለሁ። ውበት ቢያንሰውም አያሳስትም።

ከዚህ ሁሉ በፊት የዘርን ጊዜ በእጃቸው ያደረጉት ግን ጠላ ጠማቂዎች ናቸው። ገብሱን ዘፍዝፈው፣ በቅጠል ሸፍነው ካጎነቈሉት በኋላ፣ ቡቃያ ሊሆን ሲል ከፀሐይ አስጥተው ጕዞውን ያስቆሙታል። «ብቅል» የሚለው ስም «በቀለ» ከሚለው ግስ ሲወጣ፣ የተጀመረውንና የተቋረጠውን ብቅለት አንድ ላይ ይዞ ቀርቷል። የሆለታ የድንች ጥናትም ከዚህ ብዙ አይርቅም። አዲስ የተቆፈረ ድንች ለሳምንታት፣ እንደ ዝርያው እስከ ሦስት ወር ገደማ፣ ዐይኑ አይነቃም፤ ቸኩሎ የዘራው ሰው «ዘሩ ሞቷል» ቢል አይፈረድበትም። ለዚህ ሁኔታ «የዘር እንቅልፍ» የሚለው ስያሜ ከሞት ስለሚለየው ይስማማኛል። ድንቹ በመደርደሪያ ላይ ተበትኖ፣ ቀጥተኛ ፀሐይ ሳያገኘው በለሆሳስ ብርሃን ሲቀመጥ፣ ቡቃያው አጭርና ብርቱ ይሆናል፤ በጨለማ ግን ይመዘዛል። ከዚሁ ጣቢያ እ.ኤ.አ. በ2006 የወጣው ዝርያ «ጉደኔ» ይባላል፤ ኦሮምኛ የሚያውቅ ሰው «አደግን» ብሎ ይፈታዋል።