መተማና ገላባት፦ በሁለት መንግሥታት መካከል የኖረ የሙስሊሞች ድንበር ታሪክ

መግቢያ

መተማ የሚለው ስም ሲነሣ በብዙዎቻችን ልቦና ቀድሞ የሚታወሰው አንድ ውጊያ ነው። በመጋቢት 1881 ዓ.ም. (ረጀብ 1306 ዓ.ሂ.) አፄ ዮሐንስ 4ኛ በዚያ ሜዳ ከሱዳን መህዲስቶች ጋር ተዋግተው ወደቁ። ታሪኩ በትምህርት ቤት ሲተረክ የአንድ ክርስቲያን ንጉሥ መሥዋዕትነት ሆኖ ይቀርባል፤ በአንዳንድ የእኛ መድረኮች ሲወሳ ደግሞ የእስልምና ድል ተደርጎ ይነገራል። ሁለቱ አተራረኮች ተቃራኒ ቢመስሉም በአንድ ነገር ይስማማሉ፦ ድንበሩን የሁለት ሃይማኖቶች መለያ አጥር አድርገው ያዩታል።

በዚህ ጽሑፍ ለማሳየት የምንሞክረው ከዚህ የተለየ ነው። መተማ የጦር ሜዳ ከመሆኗ በፊት ለ100 ዓመት ያህል የሐጃጆች ማረፊያና የነጋዴዎች ከተማ ነበረች። ነዋሪዎቿ ሙስሊሞች ሆነው ለክርስቲያኑም ለሙስሊሙም መንግሥት እየገበሩ ሰላማቸውን ጠብቀው ኖረዋል። ያፈረሳትም በነዋሪዎቿ መካከል የነበረ የእምነት ልዩነት ሳይሆን፣ መንግሥታቱ ጦራቸውን ይዘው እደጃፏ ድረስ መምጣታቸው ነው። ዓመታቱ ተለይቶ ካልተገለጸ በቀር በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።

የምድሩ ጠባይ

ከጎንደር ወደ ምዕራብ የሚወርድ መንገደኛ በጭልጋና በወህኒ በኩል አልፎ 200 ኪሎ ሜትር ያህል ሲጓዝ ከደጋው ወጥቶ ከ1,000 ሜትር በታች ወደሚገኘው ቆላ ይደርሳል። መሬቱ ሜዳማ፣ አፈሩ ጥቁርና በዝናብ ጊዜ የሚያጣብቅ ነው። ከጣና ሰሜን ምዕራብ የሚነሣው የጓንግ ወንዝ በዚህ አካባቢ አልፎ ሱዳን ሲገባ አትባራ ተብሎ ይጠራል። ማሽላ፣ ጥጥና ሰሊጥ ምድሩ በደንብ ያበቅላል።

የአየሩ ጠባይ ለፖለቲካውም ምክንያት ሆኗል። በክረምት ጭቃው መንገዱን ይዘጋል፤ ዝናቡ ሲያባራ ደግሞ ወባ ይበረታል። ስለዚህ የደጋው ጦር በበጋ ወርዶ ግብር ተቀብሎ ይመለስ ነበር እንጂ ከርሞ መቀመጥ አይሆንለትም ነበር። ከሰናር የሚነሣውም ጦር ተራራውን ለመውጣት ይቸግረዋል። በ1744 የአፄ ኢያሱ 2ኛ ሠራዊት እስከ ዲንደር ወንዝ ወርዶ በሰናር ፉንጆች መሸነፉ የዚህ አንዱ ማሳያ ነው። ማንኛውም ወገን ጠቅልሎ ሊይዘው ያልቻለው ይህ ምድር፣ ቆላውን ለለመደ፣ አርሶ ለሚበላና ከሁለቱም ወገን ጋር መነጋገር ለሚችል ሕዝብ ክፍት ሆኖ ቆየ። አስቀድሞ በዚያ ይኖሩ የነበሩት ጉሙዞች ግን በዚህ ታሪክ ውስጥ ብዙ ጊዜ ተጎጂዎች ሆነው እናገኛቸዋለን፤ ወደዚህ ጉዳይ እንመለሳለን።

የሐጅ መንገድና ተካሪር

ከምዕራብ አፍሪካ ለሐጅ የሚነሡ ሙስሊሞች በሱዳንና በሒጃዝ በጥቅሉ ተካሪር ይባሉ ነበር። ስሙ በሴኔጋል ወንዝ ዳርቻ ከነበረው ከጥንታዊው የተክሩር መንግሥት የመጣ ሲሆን፣ በኋላ ግን ከሐውሳ፣ ከቦርኑ፣ ከዋዳይና ከዳርፉር የሚመጡትን ሁሉ ያጠቃልል ጀመር። በ1814 በኑቢያ የተጓዘው ቡርክሃርት እንደመዘገበው፣ ከእነዚህ ሐጃጆች ጥቂቶቹ ከሰናር ተነሥተው በጎንደርና በአክሱም በኩል ወደ ምጽዋ ይወርዱ፣ ከዚያም ባሕሩን ይሻገሩ ነበር። ይህ ማለት ወደ መካ የሚወስደው አንዱ መንገድ በክርስቲያን ነገሥታት ከተማ ውስጥ ያልፍ ነበር ማለት ነው።

የሐጅ ጉዞው ዓመታት የሚፈጅ ነበር። መንገደኛው ስንቁ ሲያልቅ ያርሳል፣ ጥጥ ይፈትላል፣ ሕፃናትን ቁርኣን ያስቀራል፤ ከዚያም ጉዞውን ይቀጥላል። የ19ኛው ክፍለ ዘመን ተጓዦች በሥፍራው እንደሰሙት፣ ከ100 ዓመት ገደማ በፊት ከሐጅ የሚመለሱ የዳርፉር ሰዎች የመተማን አካባቢ አይተው ስለወደዱት በዚያው ቀሩ። ሰፈራው ግን ባዶ ምድር ላይ፣ ወይም ከጎንደር መንግሥት ተሠውሮ የተካሄደ አልነበረም። ጄምስ ብሩስ በ1770ዎቹ መጀመሪያ በጎንደር በነበረበት ጊዜ፣ ራስ አል ፊል ይባል የነበረውን ይህን የጠረፍ አውራጃ ያሲን የተባለ ሙስሊም ያስተዳድረው እንደነበር ጽፏል። የጎንደር ቤተ መንግሥት ጠረፉን ለሙስሊም ሹም መስጠቱ እንግዳ ነገር አልነበረም፤ የአካባቢውን ቋንቋና ልማድ፣ የነጋዴውንም ጠባይ የሚያውቀው እርሱ ነውና።

ለሁለት መንግሥታት መገበር

በ1821 የግብፁ ሙሐመድ ዐሊ ጦር ሰናርን ከያዘ በኋላ የመተማ ጎረቤት ተለወጠ። በደካማው የፉንጅ ሱልጣኔት ፋንታ ጠመንጃና መድፍ የታጠቀ መንግሥት መጣ። በ1837 የደምቢያው ደጃዝማች ክንፉ ወድ ከልተቡ በተባለው ሥፍራ የግብፅን ጦር ድል አደረጉ፤ በ1848 ደግሞ የቋራው ካሣ፣ የኋላው አፄ ቴዎድሮስ፣ በደባርቂ ተሸነፉ።

በእነዚህ ሁለት ኃይሎች መካከል የተካሪር ሸኾች የመረጡት መንገድ ለሁለቱም መገበር ነበር። በ1860ዎቹ ሸኽ ጁምዓ የተባሉት አለቃቸው ለአፄ ቴዎድሮስም ለግብፅ መንግሥትም ዓመታዊ ግብር ይከፍሉ እንደነበር፣ በ1865 በመተማ በኩል ወደ ቴዎድሮስ የተጓዙት ሆርሙዝድ ራሳምና ሄንሪ ብላን ዘግበዋል። ይህን እንደ ወላዋይነት የሚያየው ይኖራል። እኛ ግን የድንበር ሰው የሰላም ዋጋ አድርገን እናየዋለን። ሁለት ጊዜ መገበር ለገበሬው ከባድ ነው፤ አንድ ጊዜ መዘረፍ ግን ከዚያ ይከብዳል።

ከዚህ ሰላም የበቀለው የመተማ ገበያ ነው። የጎንደር ጀበርቲ ነጋዴዎች ቡና፣ ሰም፣ ማር፣ ዝባድ፣ የዝሆን ጥርስ፣ ፈረስና በቅሎ ይዘው ይወርዳሉ፤ የሱዳን ነጋዴዎች ጨርቅ፣ ዶቃና ማርያ ትሬዛ ብር ይዘው ይመጣሉ። በ1668 በአፄ ዮሐንስ 1ኛ ዘመን የተሰበሰበው ጉባኤ የጎንደር ሙስሊሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው እንዲሰፍሩ ወስኖ ነበር። መሬት በርስት እንዳይዙ በብዙ ቦታ የተከለከሉት እነዚህ ሰዎች ንግድን ሙያቸው አደረጉት፤ መተማም ከዓለም ጋር የሚገናኙባት በር ሆነችላቸው። ከሸቀጡ ጋር ኪታብም ሰውም ያልፍ ነበር፤ ወደ ሱዳንና ወደ ሒጃዝ ዕውቀት ፍለጋ የሚሄድ ደረሳ የሚጓዘው የነጋዴውን ዱካ ተከትሎ ነውና።

የገበያው ጨለማ ገጽ

ይህን በጎ ታሪክ ስንዘረዝር በዚያው ገበያ ሰው ይሸጥ እንደነበር መሸሸግ አይገባንም። ከኦሮሞ አገርና ከደቡብ የተጋዙ ወንዶች፣ ሴቶችና ሕፃናት፣ ከአቅራቢያውም የተፈነገሉ ጉሙዞች በመተማ በኩል ወደ ሱዳን፣ ወደ ግብፅና ወደ ዐረቢያ ይወሰዱ ነበር። በወረራ የሚማርኩት፣ ቀረጡን የሚቀበሉት ብዙ ጊዜ የክርስቲያን ባላባቶች ቢሆኑም፣ ይዘው የሚነግዱት በአብዛኛው ሙስሊሞች ነበሩ።

ነፃ ሰው ሽጦ ዋጋውን የበላ ሰው በቂያማ ቀን አላህ ራሱ ተከራካሪው እንደሚሆን ቡኻሪ በዘገቡት ሐዲስ እንማራለን። በመተማ ከተሸጡት እጅግ ብዙዎቹ ከየቤታቸውና ከየእርሻቸው የተነጠቁ ነፃ ሰዎች ነበሩ። ስለዚህ «የዘመኑ ልማድ ነበር» የሚለው ምክንያት ለእኛ አይበቃም፤ ሕጉ በዚያ ዘመንም ይታወቅ ነበርና። ዛሬ በዚያው ወረዳ ጉሙዝና ሌላው ሕዝብ አብረው ሲኖሩ፣ የዚህ በደል ትዝታ በመካከላቸው መኖሩን የሚያውቅ ኢማም ስለ ወንድማማችነት ሲናገር ቃሉ ክብደት ይኖረዋል።

ከቦሩ ሜዳ እስከ መተማ

በ1870ዎቹ ግብፅ መተማን በጦር ያዘች። በ1878 ደግሞ አፄ ዮሐንስ 4ኛ በቦሩ ሜዳ ጉባኤ የሃይማኖት አንድነትን ወሰኑ፤ ውሳኔውም የወሎ ሙስሊሞች እንዲጠመቁ የሚያስገድድ ሆነ። ከባላባቶቹ እነ ኢማም ሙሐመድ ዐሊ ተጠምቀው ራስ ሚካኤል ተባሉ፤ ሌሎች እንደ ሸኽ ጦልሓ ቢን ጀዕፈር ተቃውሞን መረጡ፤ ብዙዎች ደግሞ ተሰደዱ። ከስደተኞቹ መጠጊያዎች አንዷ መተማ ነበረች። የሐጃጆችና የነጋዴዎች ከተማ የነበረችው አሁን በደል የደረሰባቸው ሰዎች ከተማ ሆነች።

በ1881 በሱዳን የሙሐመድ አሕመድ አል መህዲ እንቅስቃሴ ተነሣ። በሰኔ 1884 በተፈረመው የአድዋ ውል አፄ ዮሐንስ በመህዲስቶች የተከበቡት የግብፅ ወታደሮች በግዛታቸው በኩል እንዲወጡ ለመርዳት ተስማሙ፤ በገላባት የነበረውም ጦር በዚሁ መንገድ ወጣ። መህዲስቶች መተማን ሲይዙ ሁለቱ መንግሥታት ያለ አማካይ ፊት ለፊት ተገናኙ። በ1887 መጀመሪያ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት መተማን መቱ፤ በጥር 1888 የአሚር ሐምዳን አቡ ዓንጃ ጦር በሣር ውሃ ጎጃሞችን አሸንፎ ጎንደርን አቃጠለ፤ አብያተ ክርስቲያናት ነደዱ፣ ብዙ ሕዝብ ተማረከ። በመጋቢት 1889 አፄ ዮሐንስ ወደ መተማ ወረዱ። ሠራዊታቸው ለድል በተቃረበበት ሰዓት ንጉሡ ቆሰሉና ሞቱ፤ ጦራቸውም ተበተነ።

እዚህ ላይ ነገሩ የሁለት ሃይማኖቶች ጦርነት ብቻ ነበር ለሚል ሰው ሦስት ነገሮችን እናስታውሳለን። አንደኛ፣ የተካሪር አለቃ የነበሩት ሷሊሕ ሸንቃ መህዲስቶችን ተቃውመው ከአፄ ዮሐንስ ጋር ወገኑ፤ ወደ ኢትዮጵያ ግዛትም ተሻገሩ። በአንጻሩ ከቦሩ ሜዳ በኋላ ከተሰደዱት ጀበርቲዎች ከመህዲስቶች ጋር የተሰለፉ ነበሩ። ሁለቱም ሙስሊሞች ናቸው፤ የለያያቸው የደረሰባቸው ነገርና የኖሩበት ልምድ ነው። ሁለተኛ፣ ሐበሻ ካልነካችሁ አትንኩት የሚለው፣ በአቡ ዳውድ ሱነን የሚገኘው ሐዲስ በዚያ ዘመን ክርክር ውስጥ መነሣቱ፣ በሙስሊሞቹም ዘንድ የጦርነቱ አግባብነት ያልተጠየቀ ነገር እንዳልነበረ ያሳያል። ሦስተኛ፣ ከአድዋ ድል በኋላ አፄ ምኒልክና ኸሊፋ ዐብዱላሂ ደብዳቤና መልእክተኛ ተለዋወጡ። ከመተማ ውጊያ 10 ዓመት እንኳ ሳይሞላ ሁለቱ መንግሥታት በጋራ ሥጋት ሊቀራረቡ ችለዋል።

ውጊያውን ተከትሎ የመጣውም መከራ ወገን አልለየም። የሱዳን ሰዎች «የዓመተ ስድስት ረሃብ» የሚሉት፣ በ1306 ዓ.ሂ. የተሰየመው ረሃብና በእኛ አገር ክፉ ቀን የተባለው በአንድ ጊዜ ወረዱ። በመተማ አሸናፊ ሆኖ የሰፈረውን የዘኪ ጦማልን ጦር ያመነመነው ረሃቡ ነበር።

መስመሩና ከእርሱ በኋላ

በግንቦት 1902 አፄ ምኒልክና እንግሊዝ የድንበር ውል ተፈራረሙ፤ በ1903 እንግሊዛዊው መኮንን ቻርልስ ግዊን የኢትዮጵያ ተወካዮች በሌሉበት መስመሩን በምድር ላይ አመለከተ። በመተማ በኩል ድንበሩ በበጋ የሚደርቅ አንድ ጅረት ሆነ። በምሥራቁ ያለችው ከተማ በንጉሡ ስም መተማ ዮሐንስ ተብላ ቀረች፤ በምዕራቡ ያለችው ገላባት ተባለች። አንዱ ገበያ ሁለት ከተማ፣ አንዱ ዘመድ የሁለት አገር ዜጋ ሆነ። በ1940 ጣሊያንና እንግሊዝ በዚያው ጅረት ማዶ ለማዶ ተዋጉ። በ1972 የኢትዮጵያና የሱዳን መንግሥታት የግዊንን መስመር መሠረት በማድረግ ማስታወሻ ቢለዋወጡም፣ ከመተማ በስተሰሜን በአል ፈሽቃ ለም መሬት ላይ ያለው ጥያቄ በ2020 መጨረሻ እንደገና ወደ ግጭት አምርቷል። ከሚያዝያ 2023 ጀምሮ ደግሞ የሱዳንን ጦርነት የሸሹ በብዙ ሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች በመተማ በኩል ገብተዋል። ከ145 ዓመት ገደማ በፊት ከእኛ አገር የተሰደዱ ሙስሊሞች መጠጊያ ያገኙባት ከተማ አሁን ከወዲያ ለሚመጡት በር ሆናለች።

ማጠቃለያ

ይህን ታሪክ የሚያስተምር ሰው ከውጊያው ባይጀምር እንመርጣለን። ከሐጅ መንገዱ ቢጀምር ተማሪው መተማን ከመካ፣ ከጎንደርና ከቦርኑ ጋር አያይዞ ያውቃታል፤ ወደ ውጊያው ሲደርስም ምን እንደፈረሰ ይገባዋል። የቦሩ ሜዳን ግፍ ሲያስተምር የጎንደርን መቃጠል፣ የጀበርቲውን ስደት ሲያስተምር በገበያው የተሸጠውን ጉሙዝ አብሮ ቢያነሣ፣ ተማሪው የራሱን ወገን በደል ብቻ ይዞ አይወጣም።

የቀረው ሥራ የጽሑፍ መዛግብት ብቻ የሚፈቱት አይደለም። በጭልጋ፣ በገንዳ ውሃና በመተማ የምታስተምሩ ወንድሞችና እኅቶች በአካባቢያችሁ ያሉ አዛውንት ስለ ጥንት ሸኾች፣ ስለ መስጊዶች አመሠራረት፣ ከሱዳን ጋር ስላላቸው የጋብቻና የዝምድና ሐረግ የሚያስታውሱትን ብትመዘግቡ፣ እስካሁን በተጓዦችና በጦር አዛዦች ብዕር ብቻ የተጻፈው የዚህ ድንበር ታሪክ የነዋሪዎቹን ድምፅ ያገኛል። አዛውንቱ በሕይወት ሳሉ ሥራው ቢጀመር መልካም ነው።