ከሽማግሌ ደጅ እስከ ችሎት መዝገብ

በጉለሌ፣ በሽሮ ሜዳና በዙሪያው ከሰፈሩት ሸማኔዎች ብዙዎቹ ትውልዳቸው ከጋሞ ደጋ ነው። በዚያ አገር ጠብ የሚበርደው ዱቡሻ በሚባለው የጉባኤ ሥፍራ ስለሆነ፣ በከተማም የውርስ ቤት ወይም የክር ዕዳ ያጣላቸው ወገኖች ክስ ከመሠረቱ በኋላ እንኳ ወደ ሽማግሌ ቢመለሱ አያስደንቅም። የሚያስቸግረው፣ በሽማግሌ ፊት የተሰጠው ቃል በችሎት መዝገብ ላይ ምን ዋጋ አለው የሚለው ጥያቄ ነው።

በቀድሞው ዘመን ጥያቄው ይህን ያህል የጠና አልነበረም። ባለገንዘብና ባለዕዳ በልብሳቸው ጫፍ ወይም በሰንሰለት ተቆራኝተው፣ ጉዳያቸው እስኪያልቅ አብረው ይውሉና አብረው ያድሩ ነበር። ቁራኛ የተባለው ይህ ልማድ ራሱ ለመታረቅ ሳይገፋፋ አይቀርም! ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮችን ሾመው የፍርዱን ሥራ ለአፈ ንጉሥ ነሲቡ መስቀሎ በሰጡ ጊዜም፣ የእርቅ ማጽኛው በአብዛኛው ምስክርና ዋስ እንጂ ጽሑፍ አልነበረም።

ነገሩን የለወጠው በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። በቁጥር 3307 መሠረት ስምምነት ማለት፣ ተከራካሪዎች እያንዳንዳቸው ከሚጠይቁት ከፊሉን እየለቀቁ የተነሣውን ክርክር የሚያቆሙበት ወይም ወደፊት የሚነሣውን የሚያስቀሩበት ውል ነው። ቁጥር 3312 ደግሞ በተስማሚዎቹ መካከል ይግባኝ የሌለበት የመጨረሻ ፍርድ ኃይል ሰጠው። የረቂቁ አዘጋጅ ረኔ ዳቪድ ፈረንሳዊ ናቸውና፣ በ1804 እ.ኤ.አ. የወጣው የፈረንሳይ ሕግ ተመሳሳይ ድንጋጌ እንደነበረው ማስታወስ ይገባል።

እዚህ ላይ ሽማግሌውና ሕጉ ይለያያሉ። ሽማግሌ ሰዎችን ያስታርቃል፤ ሕጉ ግን የሚዘጋው ጉዳዩን ነው። ለምሳሌ ያህል፣ በአባታቸው ቤት ክፍያ የተካሰሱ ሁለት ወንድማማቾች «ታርቀናል» ብለው ፈርመው ቢለያዩ፣ ግድግዳው የት ላይ እንደሚያልፍ፣ ገንዘቡ መቼ እንደሚከፈል ካልተጻፈ፣ የሚፈጸም ነገር የለም። መብትን የመልቀቅ ቃል በጠባቡ እንዲተረጐም ሕጉ ስለሚያዝም፣ «ሁሉን ትቻለሁ» ያለው ወገን ሁሉን ትቷል ማለት አይደለም።

የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ይህን ክፍተት በቁጥር 274 እና በተከታዮቹ አጠበበው። ተከራካሪዎች በማናቸውም ቀጠሮ፣ በራሳቸው ፈቃድ ወይም ዳኛው ሲያግባባቸው፣ በጉዳዩ ሁሉ ወይም በከፊሉ መስማማት ይችላሉ። ዳኛው ግን ዝም ብሎ አይቀበልም፤ ስምምነቱ ሕግንና መልካም ጠባይን እንደማይቃረን ይመረምራል።

በ1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ሲያደርግ፣ በባለቤትና በተከራይ መካከል የነበረው ብዙ ክርክር በእርቅም በፍርድም ሳይሆን በአዋጅ ተቋረጠ። የቀረውን የቤትና የቦታ ክርክር የከተማ ነዋሪዎች ማኅበር የፍርድ ሸንጎ ተረከበው፤ ዳኛውም የሰፈር ሰው ሆነ።

በ2013 ዓ.ም. የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234 ፍርድ ቤት መር አስማሚነትን አቋቋመ። በዚያው ዓመት የወጣው አዋጅ ቁጥር 1237 ስለ ማስታረቅና ስለ ግልግል ዳኝነት የነበሩትን የፍትሐ ብሔር ሕግ ድንጋጌዎች ሲተካ፣ ቁጥር 3307ና 3312 ግን በሥራ ላይ ቀሩ። ስለዚህ ዛሬም የሁለቱ ወንድማማቾች ጠበቃ፣ ሽማግሌዎቹ መርቀው ከተነሡ በኋላ ብዕሩን አንሥቶ የግድግዳውን ልክ በሜትር ይጽፋል።