ዜማ በቃል፥ ምልክት በብራና

ዜማ ከምልክት ይቀድማል። ቅዱስ ያሬድ በ6ኛው መቶ ዓመት በአክሱም የደረሰው ግዕዝ፥ ዕዝልና አራራይ ከመምህር አፍ ወደ ደቀ መዝሙር ጆሮ ሲተላለፍ ኖረ። ከ1521 እስከ 1535 ዓ.ም. በሆነው የግራኝ ጦርነት ግን አብያተ ክርስቲያናት ተቃጠሉ፥ ካህናትም አለቁ። መምህር በሞተ ጊዜ በልቡ ያለው ዜማ አብሮት ይቀበራልና፥ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል በድጓው ቃል ላይ ምልክት እንደ ሠሩ ሊቃውንት ይናገራሉ።

በሌሎችም ዘንድ እንዲሁ ሆነ። የጥብርያዶስ አይሁድ እስከ 10ኛው መቶ ዓመት ድረስ የኦሪትን ንባብና ዜማ በምልክት ወሰኑ፤ የላቲን ካህናትም ከ9ኛው መቶ ዓመት ጀምረው በመዝሙራቸው ቃል ላይ ምልክት ጻፉ።

ነገር ግን ምልክት ለሚያውቀው ማስታወሻ ነው እንጂ ለማያውቀው መምህር አይሆንም። ከመምህሩ እግር ሥር የሚቀመጥ ደቀ መዝሙር ካልተገኘ፥ ድጓው በዕቃ ቤት ቢኖርም ዝም ይላል።