የተቈረጠ ፍርድ እንደገና ስለ መታየቱ

በቀድሞው ዘመን በፍርድ የተጐዳ ሰው እስከ ዙፋን ችሎት ድረስ አቤት ይል ነበር። ይህ ግን ለበላይ ዳኛ መጮህ ነው እንጂ የፈረደው ዳኛ ራሱ ፍርዱን መልሶ እንዲያይ መጠየቅ አይደለም። ለዚህኛው ጥያቄ በ1958 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በ6ኛው አንቀጽ ወሰን አበጀለት። ይኸውም አመልካቹ ይግባኝ ያላለ እንዲሆን፤ ከፍርዱም በኋላ እንደ ሐሰተኛ ሰነድ፣ እንደ ሐሰት ምስክርነት ወይም እንደ ጉቦ ያለ፣ ተግቶም አስቀድሞ ሊያውቀው ያልቻለውን፣ ፍርዱን የሚለውጥ ነገር እንዲያገኝ፤ ባወቀም በ1 ወር ውስጥ እንዲያመለክት ነው።

ወሰኑ ስለ ምን ጠበበ ብንል፣ የተረታ ሁሉ ክርክሩን እንደገና ቢያስጀምር የረታው በመሬቱ ላይ ተረጋግቶ ሊያርስ አይችልም። መንገዱ ፈጽሞ ቢዘጋ ደግሞ ሐሰተኛ ሰነድ ለልጅ ልጅ ርስት ሆኖ ይተላለፋል። ስለዚህ ሕጉ የከፈተው ለቅሬታ ሳይሆን ተሰውሮ ለተገለጠ እውነት መሆኑን እንረዳለን።