ዳቦ ቆሎ

ዳቦ ቆሎ ከስንዴ ዱቄት፣ ከጨው፣ ከበርበሬና ከዘይት ወይም ከቅቤ ተቦክቶ፣ የሽምብራ ፍሬ በሚያህል መጠን ተቆርጦ፣ በምጣድ ላይ ተቆልቶ፣ በዘይት ተጠብሶ ወይም በኦቨን ተጋግሮ የሚዘጋጅ ደረቅ የኢትዮጵያ ምግብ ነው። ጨውና በርበሬ ስለሚገባበት ከጣፋጭ ብስኩቶች ይለያል። ጥቂት ስኳር የሚጨምሩ ቢኖሩም ዋናው ጣዕሙ ጨዋማና ቅመማዊ ነው። በልማድ ከቡና፣ ከሻይ፣ ከጠላና ከቢራ ጋር ይቀርባል፤ ለመንገደኛም ስንቅ ይሆናል። በምድጃ ላይ ብቻ ሊሠራ የሚችል በመሆኑ ኦቨን በሌለባቸው ቤቶች ከሚዘጋጁ ብስኩት መሰል ምግቦች ሁሉ ቀላሉ ነው ለማለት ይቻላል።

ስያሜ

ስሙ ከሁለት ቃላት የተጣመረ ነው። ቆሎ ማለት ተቆልቶ የሚበላ ገብስ፣ ስንዴ፣ ሽምብራ ወይም ሌላ እህል ነው። ዳቦ ቆሎ ደግሞ እንደ ቆሎ በእፍኝ እየተዘገነ የሚበላ፣ ነገር ግን ከሊጥ የተሠራ ማለት ነው። ቆሎ ሳይበላሽ የሚቆይና በኪስ ወይም በአቁማዳ የሚያዝ ምግብ ከመሆኑ የተነሣ ከመንገድና ከችግር ኑሮ ጋር ተያይዞ ይነሣል፤ ከአገራቸው ርቀው የቤተ ክርስቲያን ትምህርት የሚከታተሉ ተማሪዎች «የቆሎ ተማሪ» የተባሉትም ከዚሁ የተነሣ ነው። ዳቦ ቆሎ በዚህ ረገድ ከበሶ፣ ከድርቆሽና ከቋንጣ ጋር ይመደባል። አራቱም የሚቆዩት ውኃቸው እንዲወጣ በመደረጉ ነው።

ሳይበላሽ የሚቆይበት ምክንያት

ተራ ዳቦ በጥቂት ቀናት ውስጥ ይሻግታል። ቅርፊቱ ቢደርቅም ውስጡ እርጥብ ስለሆነ ሻጋታ የሚያድግበት ውኃ ያገኛል። የአውሮፓ መርከበኞችና ወታደሮች ይህን ችግር የፈቱት ዳቦውን ደግመው በመጋገር ነበር፤ ብስኩት የሚለው ቃል የመጣበት የላቲን ሐረግም «ሁለት ጊዜ የበሰለ» ማለት ነው። በዳቦ ቆሎ መፍትሔው ትንሽነቱ ነው። አንዱ ፍሬ ከ1 ሳንቲ ሜትር ስለማይበልጥ በመካከሉ ያለው ውኃ ወደ ውጭ ለመውጣት የሚጓዘው ርቀት ግማሽ ሳንቲ ሜትር እንኳ አይሞላም። ስለዚህ በአንድ ጊዜ ማብሰል ብቻ እስከ ውስጡ ይደርቃል።

ከዚህም የተነሣ በዳቦ ቆሎ ሥራ የሚያጋጥሙት አብዛኞቹ ጉድለቶች ከሁለት ነገሮች ይመነጫሉ፤ ፍሬዎቹ በመጠን ተለያይተው ተቆርጠዋል፣ ወይም እሳቱ በዝቷል። እሳት ሲበዛ ውጫዊው ክፍል ፈጥኖ ይቀላና የበሰለ ይመስላል፤ በውስጡ የታመቀው እርጥበት ግን ዕቃ ውስጥ ከገባ በኋላ ወደ ውጭ እየወጣ ሁሉንም ያለሰልሳል። «ትናንት ይንኮሻኮሽ ነበር፣ ዛሬ ለሰለሰ» የሚባለው አብዛኛውን ጊዜ የአያያዝ ሳይሆን የአቆላል ጉድለት ነው።

ግብአቶች

ለአንድ ቤተሰብ የሚበቃ መጠን ከ500 ግራም የስንዴ ዱቄት፣ ከ80 ሚሊ ሊትር ዘይት ወይም ከ70 ግራም ንጥር ቅቤ፣ ከ200 ሚሊ ሊትር ገደማ ውኃ፣ ከ1 የሻይ ማንኪያ ጨውና ከ1 የሾርባ ማንኪያ በርበሬ ይሠራል። 1 የሾርባ ማንኪያ ስኳር መጨመር የተለመደ ቢሆንም ግዴታ አይደለም። ጥቁር አዝሙድ፣ ነጭ አዝሙድ ወይም የተፈጨ ኮረሪማ እንደየቤቱ ምርጫ ይገባል።

ዱቄቱ በሱቅ የሚሸጠው ነጭ የፉርኖ ዱቄት ሊሆን ይችላል። ፉርኖ የሚለው ቃል በጣልያንኛ መጋገሪያ ማለት ሲሆን፣ በአማርኛ ነጩን የዳቦ ዱቄት መለያ ሆኖ ቀርቷል። በወፍጮ ቤት ከነገለባው የተፈጨ ስንዴ ጠቆር ያለና ጣዕሙ የጎላ ዳቦ ቆሎ ይሰጣል፤ ውኃ ግን ትንሽ የበለጠ ይፈልጋል። ስንዴ የተመረጠበት ምክንያት ግሉተን የተባለው የፕሮቲን መረብ ነው። ሊጡ ሳይበጠስ እንደ ገመድ እንዲጠቀለል የሚያስችለው እርሱ ነው። ጤፍ ግሉተን ስለሌለው በጤፍ ዱቄት ብቻ የተቦካ ሊጥ ሲጠቀለል ይበጣጠሳል።

ቅባቱ ተቃራኒ ሥራ አለው። የዱቄቱን ቅንጣቶች ሸፍኖ መረቡ ከመጠን በላይ እንዳይጠነክር ያደርጋል። ቅባት ያነሰው ዳቦ ቆሎ ጥርስ የሚፈትን ድንጋይ ይሆናል፤ የበዛበት ደግሞ ሲቆረጥ ይፈረፈራል። እርሾ አያስፈልግም። ቤኪንግ ፓውደር የሚጠቀሙ ሰዎች ሩብ የሻይ ማንኪያ ይበቃቸዋል። እንደ አዲስ አበባ ባለ ከባሕር ጠለል ከ2,300 ሜትር በላይ በሆነ ከተማ የአየሩ ግፊት ዝቅተኛ ስለሆነ በሊጡ ውስጥ የሚፈጠረው ጋዝ በቆላ ካለው ይልቅ ይሰፋል። ከውጭ አገር መጽሐፍ የተወሰደ የቤኪንግ ፓውደር መጠን እንዳለ ከተወሰደ ፍሬው ይነፋና ውስጡ ባዶ ይሆናል።

አሠራር

ዱቄቱ፣ ጨው፣ በርበሬና ሌሎቹ ደረቅ ነገሮች ይደባለቃሉ። ከዚያም ቅባቱ ተጨምሮ ዱቄቱ እርጥብ አሸዋ እስኪመስል ድረስ በጣት ይታሻል። ቅባቱ ከውኃው ቀድሞ መግባቱ አስፈላጊ ነው፤ ውኃ ከቀደመ መረቡ ይፈጠርና ቅባቱ በላዩ ላይ ይቀራል። ውኃው በጥቂት በጥቂቱ ይጨመራል። የሚፈለገው ከዳቦ ሊጥ ጠንከር ያለ፣ እጅ ላይ የማይጣበቅ ሊጥ ነው። ከ5 እስከ 8 ደቂቃ ታሽቶ፣ በእርጥብ ጨርቅ ተሸፍኖ 20 ደቂቃ ያህል ያርፋል። ሳያርፍ የተጠቀለለ ሊጥ ወደ ኋላ ይሰበሰባል።

ካረፈ በኋላ በእፍኝ ልክ እየተቆረሰ በእጅ መዳፍ ሥር ይድቦለቦላል፤ እርሳስ የሚያህል ውፍረት ያለው ረጅም ገመድም ይሆናል። ጥቂት ገመዶች ጎን ለጎን ተደርድረው በቢላዋ በአንድ ላይ ሲቆረጡ ሥራው ይፈጥናል፣ ፍሬዎቹም እኩል ይሆናሉ። አንዳንድ ቤቶች ሊጡን በመዳመጫ አሳስተው በአራት ማዕዘን ይቆርጡታል፤ በመቀስ የሚቆርጡም አሉ። ከላይ በተጠቀሰው መጠን ከ1,000 በላይ ፍሬ ስለሚወጣ ቆረጣው ብዙ እጅ ይፈልጋል። ልጆች የሚሳተፉበትና ጨዋታ የሚደምቅበት ክፍልም ይኸው ነው። የተቆረጠው ፍሬ እንዳይጣበቅ ጥቂት ዱቄት ተነስንሶበት ሰፌድ ወይም ትሪ ላይ ይበተናል።

አቆላሉ በሦስት መንገድ ይከናወናል።

በምጣድ ሲቆላ እሳቱ መካከለኛ ወይም ከዚያ ያነሰ መሆን አለበት። ፍሬው በአንድ ንብርብር ብቻ ይበተንና ያለማቋረጥ በማማሰያ ይታመሳል። እንደ ምጣዱ ሁኔታ ከ15 እስከ 25 ደቂቃ ይፈጃል። ዘይት ስለማይጨመርበት በዘይት ከተጠበሰው ይልቅ ረጅም ጊዜ ይቆያል። ድካሙ ግን ከሁሉም ይበልጣል።

በዘይት ሲጠበስ ሥራው ፈጣን ነው፤ አንዱ ዙር ጥቂት ደቂቃዎች ብቻ ይወስዳል። ዘይቱ ከ160 እስከ 170 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ቢሆን ይመረጣል። ቴርሞ ሜትር በሌለበት አንድ ፍሬ ጣል ተደርጎ ይታያል፤ ወዲያው ከጠቆረ ዘይቱ በዝቷል፣ አረፋ ሳይሰጥ ከሰመጠም ገና ነው። ከዘይት የሚወጣው ከሚፈለገው ቀለም ትንሽ ቀደም ብሎ ነው፤ ከወጣ በኋላም በራሱ ሙቀት መቅላቱን ይቀጥላልና።

በኦቨን ከሆነ በ180 ዲግሪ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይጋገራል፤ በየ8 ወይም 10 ደቂቃው ትሪው እየወጣ ይታመሳል።

በሦስቱም መንገዶች መብሰሉ የሚረጋገጠው በቀለም ብቻ አይደለም፤ በርበሬው ገና ከሊጥነቱ ስላቀላው ቀለሙ ያታልላል። አንድ ፍሬ ቀዝቀዝ ሲል ለሁለት ይሰበራል፤ መካከሉ ነጣ ያለና የሚለጠጥ ከሆነ ውኃ አለበት። ሚዛን ላለው ሰው ከዚህ የተሻለ ማረጋገጫ አለ። ከላይ በተሰጠው መጠን የተቦካው ሊጥ 800 ግራም ያህል ይመዝናል። በምጣድ ወይም በኦቨን በደንብ ከደረቀ በኋላ ወደ 560 ግራም ይወርዳል። ከ600 ግራም በላይ ከሆነ ይመለሳል። ይህ ስሌት በዘይት ለተጠበሰው አይሠራም፤ ውኃው ሲወጣ ዘይት ስለሚገባበት ነው።

በከተማ ቤት፦ የቦሌ ሚካኤል ሁኔታ

የዳቦ ቆሎ አሠራር ከገጠር ምድጃ ወደ ከተማ ሲገባ የተለወጠው በዋናነት የእሳቱ ምንጭ ነው። ለዚህ በአዲስ አበባ ምሥራቃዊ ክፍል፣ ከቦሌ ዓለም አቀፍ አውሮፕላን ማረፊያ አቅራቢያ ያለው ቦሌ ሚካኤል ጥሩ ምሳሌ ነው። ስሙን ከቅዱስ ሚካኤል ቤተ ክርስቲያን ያገኘው ይህ ሰፈር በሶማሊኛ ተናጋሪ ነዋሪዎቹና ነጋዴዎቹም ይታወቃል። እንደ ሌሎቹ የከተማዋ ሰፈሮች ሁሉ ብዙ ቤተሰቦች በኪራይ ቤት ስለሚኖሩ የኤሌክትሪክ ምጣድ ያለው ሰው ኦቨን ካለው እጅግ ይበልጣል።

የኤሌክትሪክ እንጀራ ምጣድ ከ3 ኪሎዋት በላይ ኃይል ይወስዳል፤ ለእንጀራ በተመደበው ሙቀትም ዳቦ ቆሎ ይቃጠላል። ብልሃቱ ምጣዱን ለዳቦ ቆሎ ብቻ አለማሞቅ ነው። እንጀራው ተጋግሮ ካበቃና ምጣዱ ከጠፋ በኋላ ሸክላው ሙቀቱን ይዞ ስለሚቆይ፣ ቀድሞ በድስት ወይም በመጥበሻ የታመሰ ዳቦ ቆሎ በላዩ ተበትኖ የመጨረሻውን እርጥበት ያጣል። መብራት ቢቋረጥ እንኳ ይህ የማድረቅ ደረጃ አይስተጓጎልም።

ዳቦ ቆሎ በልማድ የራት ምግብ ባይሆንም ለራት ከሚቀርብ የምስር ወይም የአትክልት ሾርባ ጋር ይስማማል። ሾርባው ላይ የሚጨመረው ሊበላ ሲል ነው፤ ቀድሞ ከገባ ወደ ሊጥነቱ ይመለሳል። ከበርበሬው ይልቅ አዝሙድ የበዛበት ለዚህ ይሻላል። በሰፈሩ የሙስሊም ቤቶች በረመዳን ማፍጠሪያ ሾርባና ሳምቡሳ የተለመዱ ናቸው፤ የሳምቡሳው ሊጥ ትርፍራፊ ተቆርጦ ቢጠበስም ከዳቦ ቆሎ ብዙ የማይርቅ ነገር ይወጣዋል። የሶማሌ ማኅበረሰብ ለመንገድና ለሠርግ የሚያዘጋጀው ሙቅማድ ወይም ኦድካ የሚባለው ምግብም የተመሠረተው በዚሁ ሐሳብ ላይ ነው፤ ሥጋው በትንንሹ ተከትፎና ደርቆ ከተጠበሰ በኋላ በንጥር ቅቤ ውስጥ ይቀመጣል።

ወደ ውጭ አገር የሚሄዱ መንገደኞች በሻንጣቸው ከበርበሬ፣ ከሽሮና ከድርቆሽ ጋር ዳቦ ቆሎ ይይዛሉ። ስንቅነቱ ከበቅሎ ወደ አውሮፕላን ተሸጋግሯል።

የጾምና የፍስክ

በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ረቡዕና ዓርብን፣ 55 ቀን የሚቆየውን ዐቢይ ጾምና ሌሎችን አጽዋማት ጨምሮ በጾም ቀናት ቅቤ፣ ወተትና እንቁላል አይበሉም። ስለዚህ ለእንግዳ ታስቦ የሚቀመጥ ዳቦ ቆሎ በዘይት ቢቦካ ይመረጣል። ዳቦ ቆሎ በመልኩ የጾምና የፍስክ መሆኑ ስለማይለይ በአንድ ቤት ሁለቱም ካሉ በተለያየ ዕቃ ይቀመጣሉ።

አቀማመጥ

ዳቦ ቆሎ ሙሉ በሙሉ ሳይቀዘቅዝ አይታሸግም። ትኩሱ ከታሸገ የሚወጣው እንፋሎት በክዳኑ ላይ ጤዛ ሆኖ ተመልሶ ይወርዳል። አየር በማያስገባ ጣሳ ወይም ጠርሙስ ከተቀመጠ በምጣድ የተቆላው ለበርካታ ሳምንታት ይቆያል። የለሰለሰው አይጣልም፤ ለጥቂት ደቂቃ በለስላሳ እሳት ቢታመስ ይመለሳል።

በዘይት የተጠበሰው የሚበላሸው በሌላ መንገድ ነው። ዘይቱ ከአየርና ከብርሃን ጋር ሲገናኝ ይሻክታል፤ ይህም በሽታው ይታወቃል። በተደጋጋሚ ጥቅም ላይ በዋለ ዘይት የተጠበሰ ቶሎ ይሻክታል። የሻከተ ዳቦ ቆሎ መልሶ በመቁላት አይድንም። ጥሬ ቅቤም ውኃና የወተት ቅሪት ስላለበት ከንጥር ቅቤ ፈጥኖ ጣዕሙን ይለውጣል።

ጥንቃቄ

ዳቦ ቆሎ ደረቅና ድቡልቡል ስለሆነ የሕፃናትን የአየር ቧንቧ ሊዘጋ ይችላል። ለውዝና ሌሎች እንዲህ ያሉ ምግቦች ከ4 ዓመት በታች ላሉ ሕፃናት እንዳይሰጡ የሕክምና ባለሙያዎች ይመክራሉ፤ ምክሩ ለዚህም ይሠራል። ጥርሳቸው የተጎዳ አዛውንት በሻይ ነክረው ይበሉታል።

እስኪጠቁር መቁላትም አይመከርም። በ2002 እ.ኤ.አ. (1994 ዓ.ም.) የስዊድን ተመራማሪዎች ስታርች ያላቸው ምግቦች ከ120 ዲግሪ በላይ ሲበስሉ አክሪላማይድ የተባለ ጎጂ ውሕድ እንደሚፈጠርባቸው ይፋ አድርገዋል። መጠኑ ምግቡ እየጠቆረ በሄደ ቁጥር ይጨምራል። በርበሬውም ሲቃጠል ይመራል፤ ስለዚህ ጣዕምም ጤናም የሚጠይቁት ያው ለስላሳ እሳት ነው።

ተመሳሳይ ምግቦች

በትንንሹ ተቆርጦ የሚደርቅ ሊጥ በብዙ አገሮች አለ። በሕንድ ናማክ ፓራ የሚባለው ጨዋማ ጥብስ አዝሙድ ስለሚገባበት በጣዕም ለዳቦ ቆሎ ቅርብ ነው። የናይጄሪያው ቺን ቺን ቅርጹ ይመሳሰላል፤ ነገር ግን አብዛኛውን ጊዜ ጣፋጭ ነው። በደቡብ ጣልያን ታራሊ የተባለው የቀለበት ቅርጽ ያለው ጨዋማ ብስኩት ከመጋገሩ በፊት በፈላ ውኃ ውስጥ ይገባል።